የይግባኝ ጊዜ አለቃ አይጠብቅም
(በማኅበራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ጉባኤ የቀረበ የመክፈቻ ንግግር)

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ክቡራን እንግዶች፤ እንኳን ለዓመታዊው ጉባኤያችን በሰላም አደረሳችሁ። ጥሪያችንን አክብራችሁ ስለመጣችሁ በሥራ አስፈጻሚው ስም ከልብ አመሰግናለሁ።

ዓመቱ ያለ ፍሬ አላለፈም። መረዳጃው ሐዘን ለደረሰባቸው ደርሷል፣ ጽሕፈት ቤቱ ኮምፒውተር አግኝቷል፣ ሒሳባችንም ተመርምሯል። ቀሪው በእጃችሁ ባለው ሪፖርት ውስጥ ስላለ፣ ዓመቱን ሙሉ እንቅልፍ ወደነሳን ጉዳይ ልግባ።

ከሥራ የተሰናበቱ፣ ከደረጃቸው ዝቅ የተደረጉ፣ ደመወዛቸው ያላግባብ የተቆረጠ የመንግሥት ሠራተኛ አባሎቻችን ወደ እኛ የሚመጡት የይግባኝ ቀኑ ካለፈ በኋላ ነው። አንዲት እህታችን የስንብት ደብዳቤዋን በፌስታል ጠቅልላ መጣች። ግርጌው ላይ የተቀበለችበት ቀን በራሷ እጅ ተጽፎ ተፈርሞበታል። «አለቃዬ ይስተካከላል፣ ታገሺ ስላለኝ ነው» አለችን። አንጀቴ ተላወሰ። ወገኖቼ፣ የአለቃ ተስፋ የይግባኝ ጊዜን አያቆምም! የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ለዘገየ ይግባኝ በቂ ምክንያት ይጠይቃል፤ የጠበቃ ቸልተኝነትን እንኳ በቂ ምክንያት ብሎ አይቀበልም።

ሌላው ችግር ደግሞ ውሳኔ ሳይሰጥ ለይግባኝ መቸኮል ነው። የዲስፕሊን ኮሚቴ የሚያቀርበው የውሳኔ ሐሳብ ነው፤ ይግባኝ የሚባለው የመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ ሲወስን ነው። ስንብትንና ሌሎች ከባድ ቅጣቶችን የመንግሥት ሠራተኞችን አቤቱታ የሚሰማው የአስተዳደር ፍርድ ቤት በይግባኝ እንዲያይ ያደረገው የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ነበር፤ በ2017 በአዲስ አዋጅ ተተክቷል። የቃልና የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ግን በቀድሞው አዋጅ ከዚያ አይደርስም ነበር።

ከአስተዳደር ፍርድ ቤቱ በኋላ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት የሚወስደው በር ጠባብ ነው፤ የሚከፈተው ለሕግ ስሕተት ብቻ ነው። ብዙዎቻችን የምንወድቀው እዚህ ላይ ነው። «ምስክሩ ዋሸብኝ» የሚለው የፍሬ ነገር ክርክር ስለሆነ እዚያ አይሰማም። «የመከላከያ ምስክሮቼ ሳይሰሙ ተወሰነብኝ» የሚለው ግን የሕግ ጥያቄ ነው። አንድ ወንድማችን ይህንኑ ይዞ ተከራክሮ ጉዳዩ እንደገና እንዲታይለት ሆኗል፤ ኮራንበት። ያሸነፈው የኮሚቴውን ቃለ ጉባኤ ግልባጭ ቀድሞ በእጁ ስላስገባ ነው። ከዚያም ወዲያ ለሚሄድ፣ በ2013 የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234 መሠረታዊ የሕግ ስሕተት ባለበት የመጨረሻ ውሳኔ ላይ ለሰበር፣ ማለትም እንዲህ ያለውን ስሕተት ለሚያርመው ችሎት፣ አቤቱታ ማቅረቢያውን በቀን ገድቦታል።

ይህን ሁሉ ለአባል ለማስረዳት ባለሙያ ያስፈልጋል፤ ባለሙያ ደግሞ ገንዘብ ይጠይቃል። የሕግ ድጋፍ መዋጮውን በወቅቱ የሚከፍሉት ሁልጊዜ እነዚያው ሰዎች ናቸው። እናንተ ዛሬ የመጣችሁት ናችሁ። ከኋላ ያሉትን ባዶ ወንበሮች ተመልከቱ። በመዋጮ ቀን የማናያቸው፣ ስልካችንን የማያነሡ፣ ደብዳቤ ሲደርሳቸው ግን ሌሊት በራችንን የሚያንኳኩ ወንድሞችና እህቶች አሉን። መክረን እናስተናግዳቸዋለን፣ አባሎቻችን ናቸውና። ግን ያለፈን ቀን ልንመልስላቸው አንችልም፤ ይህን ስነግራቸው ፊታቸውን ማየት ከብዶኛል።

ስለዚህ እያንዳንዳችሁ በየመሥሪያ ቤታችሁ አንድ የቀረ አባል ያዙ። ማንኛውም የቅጣት ደብዳቤ በደረሰው ዕለት፣ ፖስታውን ሳይጥል፣ ወደ ጽሕፈት ቤታችን እንዲያመጣው ንገሩት። የመዋጮው ጉዳይ በሁለተኛው አጀንዳ ይቀርባል፤ ከሻይ በፊት ድምፅ እንድንሰጥበት እጠይቃለሁ። ጉባኤው ተከፍቷል።