አያ ጥንቸል እና የሬመስ ጎጆ

[ምስል፦ በጨለማ ውስጥ የምድጃ ብርሃን ያረፈበት የሽማግሌ ፊት]

አንክል ሬመስ የተባሉ አንድ ጥቁር ሽማግሌ ምድጃ አጠገብ ተቀምጠው ለአንድ ነጭ ሕፃን ተረት ሊነግሩት ነው። ከፊታቸው በስተቀር የሚታይ ነገር የለም። ዘፈኑን ሲጀምሩ ግን ከኋላቸው ያለው ጨለማ በቅጽበት ተገፍፎ ብሩህ ሰማይ ይሆናል፤ በሥዕል በተሠራ መንገድ ላይ እየዘፈኑ ሲሄዱም በሥዕል የተሠራች ሰማያዊ ወፍ መጥታ ትከሻቸው ላይ ታርፋለች።

ትዕይንቱ የሚገኘው ዎልት ዲዝኒ እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 12 ቀን 1946 በአትላንታ ፎክስ ቲያትር ባስመረቀው፣ «ሶንግ ኦፍ ዘ ሳውዝ» በተሰኘ የ94 ደቂቃ የቤተሰብ ፊልም ውስጥ ነው። አብዛኛው ክፍል በተዋንያን የተሠራ ሲሆን፣ በመካከሉ ሦስት የእንስሳት ተረቶች በካርቱን ይቀርባሉ። ኮምፒውተር ባልነበረበት በዚያ ዘመን ተዋናዩ ባዶ ቦታ እያየ ይጫወት ነበር፤ ሠዓሊዎቹ ወፏን ወይም ጥንቸሉን ዓይኑ ባረፈበት ቦታ ላይ በኋላ ይሥላሉ፣ ሁለቱም በአንድ ፊልም ላይ ተደርበው ይታተማሉ። የተዋናዩ ዓይን ትንሽ ከሳተ ምትሃቱ ይከሽፋል።

[ምስል፦ አያ ጥንቸል ከሬንጅ አሻንጉሊቱ ፊት]

ተረቶቹ ጋዜጠኛው ጆኤል ቻንድለር ሃሪስ ከ1880 ጀምሮ ካሳተማቸው መጻሕፍት የተወሰዱ ናቸው። ሃሪስ በወጣትነቱ ጆርጂያ ውስጥ፣ በአንድ የእርሻ ባለጸጋ ማተሚያ ቤት ሲሠራ፣ ተረቶቹን ከባሮች አፍ ሰምቷል። በእንስሳቱ ስም ፊት የሚገባው «ብሬር» ወንድም ማለት ስለሆነ፣ አያ ጅቦ እንደምንለው አያ ጥንቸል፣ አያ ቀበሮ፣ አያ ድብ ብንላቸው ያስኬዳል።

አያ ቀበሮ ከሬንጅ አሻንጉሊት ሠርቶ መንገድ ዳር ያስቀምጣል። አያ ጥንቸል እንደ ጨዋ ደንብ ሰላምታ ያቀርባል፤ መልስ የለም። ይደግማል፤ አሁንም ዝም። በንቀቱ ተናዶ በቡጢ ሲመታው እጁ እዚያው ተጣብቆ ይቀራል፤ ሌላው እጁም እግሮቹም ይከተላሉ። አያ ቀበሮ ሊበላው ሲል ታዲያ «የፈለግኸውን አድርገኝ፤ እሾህ ውስጥ ብቻ አትወርውረኝ» እያለ ይለማመጣል። ቀበሮውም የባሰ ላሠቃየው ብሎ እዚያው ይወረውረዋል፤ አያ ጥንቸል ግን ተወልዶ ያደገው እሾህ ውስጥ ነው። ጉልበት የሌለው ሰው ጌታውን ፊት ለፊት ሊናገረው የማይችለውን ነገር በጥንቸል አፍ ሲናገርበት የኖረው ተረት ይህ ነው።

ፊልሙ ግን ይህንኑ ተረት የባለ እርሻዋ የልጅ ልጅ ማባበያ አደረገው። ታሪኩ የሚፈጸመው ባርነት ከተሻረ በኋላ ቢሆንም ዓመቱ የትም አይጠቀስም። ልብ ብሎ የሚያይ አንድ ፍንጭ ያገኛል፦ የልጁ እናት ወደ ልጁ እንዳይቀርቡ ስትከለክላቸው ሬመስ ጓዛቸውን ሸክፈው ወደ አትላንታ ሊሄዱ ይነሣሉ፤ ባሪያ ቢሆኑ ኖሮ ይህን ማድረግ ባልቻሉ ነበር። ለብዙ ተመልካች ግን ይህ ፍንጭ አልበቃም። የጥቁሮች መብት ተሟጋች ድርጅት የሆነው የኤንኤኤሲፒ ኃላፊ ዋልተር ዋይት ፊልሙ በወጣበት ወቅት ባስተላለፈው ቴሌግራም የጥበብ ደረጃውን ቢያደንቅም፣ ባርነትን አሳምሮ ማሳየቱን ነቅፏል።

«አንክል ሬመስ» የሚለው መጠሪያም ለእኛ ጆሮ አታላይ ነው። እኛ «አባባ» የምንለው አክብረን ነው፤ በአሜሪካ ደቡብ ግን ነጮች በዕድሜ የገፋን ጥቁር «አንክል» የሚሉት «ሚስተር» ላለማለት ነበር። እኔም እዚህ አንቱ ያልኳቸው በአማርኛ ደንብ ነው እንጂ የዚያ አጠራር ትርጉም ሆኖ አይደለም።

[ምስል፦ የጄምስ ባስኬት ፎቶግራፍ]

ፊልሙ በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ለመጨረሻ ጊዜ የታየው በ1986 ነው፤ እዚያው አገር በቪዲዮ ካሴትም ሆነ በዲቪዲ ተሽጦ አያውቅም። ሬመስን የተጫወተው ጄምስ ባስኬት ለአያ ቀበሮም ድምፁን የሰጠ ሲሆን፣ ፊልሙ ሲወጣ ገና 42 ዓመቱ ነበር። አትላንታ ጥቁርና ነጭ ተለያይተው የሚኖሩባት ከተማ ስለነበረች በራሱ ፊልም ምረቃ ላይ አልተገኘም። በመጋቢት 1948 የክብር ኦስካር ተሰጠው፤ በዚያው ዓመት ሐምሌ ላይ በ44 ዓመቱ ዐረፈ።