ፊትዝ ቃል ሲጠፋው

[ምስል፦ የሺልድ አርማ]

የማርቭልን የቴሌቪዥን ተከታታይ ኤጀንትስ ኦፍ ሺልድን ጀምራችሁ ያቋረጣችሁ፣ ይህ ቪዲዮ ለእናንተ ነው። ታሪኩ ሳይነገራችሁ ማየት ከፈለጋችሁ ግን እዚህ ላይ አቁሙት።

ሺልድ ስለሚባል የስለላ ድርጅት ቡድን የሚያወራው ይህ ተከታታይ በአሜሪካው ጣቢያ ኤቢሲ ላይ የጀመረው እ.ኤ.አ. በመስከረም 2013 ነው። መጀመሪያ አካባቢ ቀዝቀዝ ያለ ነበር። ቡድኑ አውሮፕላኑ ላይ ይሳፈራል፣ አንድ ጉድ ይገጥመዋል፣ ይፈታዋል፣ በሳምንቱ ደግሞ ሌላ ጉድ። ለዚህም ምክንያት ነበረው። ሚያዝያ 2014 ላይ የወጣው የካፒቴን አሜሪካ ሁለተኛ ፊልም፣ ሺልድ ውስጥ ውስጡን የጠላቱ ድርጅት በሃይድራ ሰዎች እንደተሞላ ያጋልጣል። ፊልሙ ሳይወጣ ይህን ምስጢር መንካት አይቻልም። ፊልሙ አሜሪካ ውስጥ በወጣ በአራተኛው ቀን ክፍል 17 ተላለፈ። የቡድኑ አባል ዋርድ ከሃዲ ሆኖ ቁጭ አለ! ሺልድም ፈረሰ።

ብዙ ሰው ለውጡ እዚያ ላይ መጣ ይላል። እኔ ግን ሲዝን 2 ነው ባይ ነኝ። ምክንያቱም የፈረሰውን ቶሎ ለመጠገን አልቸኮለም።

የቡድኑ መሪ ኮልሰን የሺልድ ዳይሬክተር ሆኗል። ግን የምኑ ዳይሬክተር? መንግሥት ያሳድደዋል፣ ሰው የለውም፣ የሚሠራው ተደብቆ ነው። ሉሲ ሎውለስ የምትጫወታት ኤጀንት ሃርትሊ መጣች ስንል በመጀመሪያው ክፍል ትሞታለች።

[ምስል፦ ፊትዝ ቤተ ሙከራው ውስጥ]

አሁን የቡድኑን ኢንጂነር ፊትዝን ተመልከቱ። በሲዝን 1 መጨረሻ ዋርድ እሱንና የቤተ ሙከራ ባልደረባውን ሲመንስን ባሕር ውስጥ ጥሏቸው ነበር። ፊትዝ የቀረችውን አንዲት ትንፋሽ ኦክስጅን ለሲመንስ ሰጣት። አንጎሉ ተጎዳ። ያ ንግግሩ እንደ ውኃ ይፈስ የነበረ ልጅ፣ አሁን አንድ ተራ ቃል ፈልጎ ያጣል። እጁ ይንቀጠቀጣል። ሲመንስ አጠገቡ ቆማ የጠፋውን ቃል ታቀብለዋለች። ከዚያ ሌሎቹ እሱን በሚያዩት ዓይን እናየዋለን። ብቻውን ነው። ሲመንስ ከሄደች ቆይታለች። ሲያወራ የነበረው ከራሱ ጋር ነው።

ይህን ትዕይንት መጀመሪያ ሳየው ሆዴን ባር ባር አለኝ። ኢየን ደ ካስቴከር በጣም ጎበዝ ተዋናይ ነው። ተከታታዩም ጉዳቱን በሁለት ክፍል አድኖ አይገላገለውም።

ወደ ሌላዋ የቡድኑ አባል፣ ወደ ስካይ ልለፍ። ታኅሣሥ 2014፣ ክፍል 10። ፖርቶ ሪኮ ከምድር በታች ባለ ጥንታዊ ከተማ ውስጥ ሰውነቷን ድንጋይ ይሸፍነዋል። ድንጋዩ ሲሰነጠቅ ምድር ይንቀጠቀጣል፤ የሚያንቀጠቅጠው የእሷ አዲስ ኃይል ነው። ሊያድናት የገባው የቡድን ጓደኛዋ ትሪፕ ዓይኗ እያየ ይፈራርሳል። ሌላ ቦታ ልዕለ ኃይል ሲገኝ ሙዚቃው ከፍ ይላል፣ ጀግናው ይበራል። ስካይ ግን ያገኘችው ሐዘንና ፍርሃት ነው።

ተከታታዩ መጋቢት 2015 ሲመለስ ምስጢሯን ከቡድኑ ቀድሞ የሚደርስበት ፊትዝ ነው። የምርመራ ውጤቷን ቀይሮ ይደብቅላታል። እያለቀሰች ምን እንደሆነች ስትጠይቀው፣ የተለየች እንጂ የተበላሸች እንዳልሆነች ይነግራታል። እዚያ ቤት ውስጥ ይህን ቢናገር የሚታመን እሱ ብቻ ነው።