ባለበት ይቆይ

እሺ። እየቀዳ ነው? መብራቷ ቀይ ናት። ቀይ ከሆነች እየቀዳ ነው።

ሰላም ናችሁ። ዛሬ እንግዳ የለም። ሊመጣ የነበረው ሰው ጠዋት ደውሎ ቀረሁ አለ፣ እኔም አልለመንኩትም። እውነቱን ለመናገር ደስ አለኝ። ከእሁድ ጀምሮ አንድ ነገር ውስጤ እየተመላለሰ ስለሆነ፣ ሰው ፊት ተቀምጬ "እህ፣ ከዚያስ?" የምልበት ሙድ ላይ አይደለሁም።

የጌም ነገር ነው። "ደግሞ ጀመረው" እያላችሁ እንደሆነ አውቃለሁ። ጌም የማይመቻችሁ በሚቀጥለው ሳምንት እንገናኝ። ወይም ቆዩ። የጌም ብቻ መሆኑን እኔም እርግጠኛ አይደለሁም።

ያው ቨርጂኒያውን ታውቁታላችሁ፣ አሜሪካ ቨርጂኒያ የሄደውን ጓደኛዬን። ጋሼንም፣ ኮምፒውተሬን፣ ታውቁታላችሁ። ለጠየቃችሁኝ፣ አዎ፣ ጋሼ አሁንም ይሠራል። ማራገቢያው እንደ ወፍጮ ቤት ይጮሃል እንጂ እጅ አልሰጠም። የጌሙን ስም እንደተለመደው አልጠራም። ሳይከፍሉን አናስተዋውቅም ብለናል፣ ብለናል።

እና ከተማችን፣ ጌሙ ውስጥ ያለችው። ስንቴ አወራኋችሁ ስለሷ። ታክሲ ተራዋ፣ ዳገቷ፣ ያ የማያልቀው ፎቅ። ሰማያዊና ነጭ ሚኒባሶቹን የቀባቸው ቨርጂኒያው ነው፣ ከመሄዱ በፊት፣ እዚሁ እኛ ሳሎን ቁጭ ብሎ። የኋላ መስታወታቸው ላይ ጥቅስ ሁሉ ለጥፎባቸዋል። አንዱን እማዬ አንብባው ስትስቅ ሰነበተች፤ እዚህ ግን አይነበብም።

ታክሲዎቹ ሞድ ናቸው፣ ማለትም ተጫዋቾች ራሳቸው ሠርተው ጌሙ ላይ የሚጨምሩት ነገር። ሞድ ደግሞ የተሠራለትን ቨርዥን ካልነካችሁበት ነው ሰላም የሚሰጠው። ጌሙ ሲታደስ ሞዱ የሚፈልገውን ነገር የድሮ ቦታው ላይ ያጣዋል። ወይ ጌሙ ጭራሽ አይከፈትም፣ ወይ ይከፈትና ዕቃው ሁሉ ሮዝ ሆኖ ቁጭ ይላል። ስለዚህ አፕዴቱን ዘጋሁት።

"ዘጋሁት" ማለትም ከባድ ነው። እስቲ ስቲምን እንውሰድ፣ ጌም የሚገዛበትንና የሚከፈትበትን ፕሮግራም፣ ላውንቸር የሚሉትን፣ አብዛኞቻችሁ እሱን ስለምትጠቀሙ። ጌሙ ላይ በማውሱ ቀኝ ትጫናላችሁ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ከዚያ አፕዴትስ። ምርጫዎች አሉ። አንዱ፣ በራሱ ይውረድ። ሌላው፣ ስከፍተው ብቻ ይውረድ። ሌላው ደግሞ፣ ወዲያው ይውረድ። አለቀ። "በፍጹም አይውረድ" የሚል የለም። "ስከፍተው ብቻ" የሚለው ደግሞ ዕድሜ ማራዘሚያ ነው እንጂ መዝጋት አይደለም። ፕሌይ ስትሉት "መጀመሪያ ይህን ላውርድ" ይላችኋል። ሰዓት መወሰን ይቻላል፣ እሱ እውነት ነው። የሌሊት ጥቅል ለምንገዛ ሰዎች በጣም ጠቃሚ ነው። ግን እሱም መቼ ይውረድ ነው እንጂ ይውረድ አይውረድ አይደለም።

ከልባችሁ ልትዘጉት ከፈለጋችሁ ወይ ኦፍላይን ትሆናላችሁ፣ ወይ ስቲምአፕስ ፎልደር ውስጥ ገብታችሁ መጨረሻው ኤሲኤፍ የሚለውን የጌሙን ፋይል ሪድ ኦንሊ ታደርጉታላችሁ። ላውንቸሩ እዚያ ላይ መጻፍ ሲያቅተው ግራ ይገባዋል። ሰው የከፈለበትን ዕቃ ለማቆየት እንዲህ ተደብቆ ሲሠራ አይገርምም? ኤፒክ የሚባለው ሌላው የጌም መሸጫ ላይ ይሻላል፣ ሴቲንግ ውስጥ ማጥፊያ አለው። ጂኦጂ የሚባለው መሸጫ ደግሞ ይለያል። ኢንስቶለሩን ራሱን አውርዳችሁ ሃርድ ዲስክ ላይ ታስቀምጡታላችሁ፣ ማንም አይነካባችሁም። ጋላክሲ የሚሉት ላውንቸራቸው እንዲያውም ወደ ድሮው ቨርዥን ይመልሳችኋል።

ምን ነበር ልል የነበረው? አዎ። ዕቃው የማን ነው።

ጂቲኤ 4 ትዝ ይላችኋል? በ2008 የወጣው። መኪና ውስጥ ገብታችሁ ሬዲዮ የምትከፍቱበት። የሙዚቃዎቹ ፈቃድ አሥር ዓመት ሲሞላው በ2018 አፕዴት መጣና ብዙ ዘፈን ወጣ። በተለይ ቭላዲቮስቶክ የሚባለው የሩሲያ ዘፈን ጣቢያ ክፉኛ ተመታ። ለአዲስ ገዢ አልሸጥም ቢሉ ይገባኛል። ግን ቀድሞ የገዛው ሰው ቤትም ገብተው ነው ያወጡት። ተኝተህ ትነሳለህ፣ ዘፈኑ የለም።

ፎልአውት 4ን ደግሞ እዩ። ለንደንን የሚያህል ከተማ እላዩ ላይ ለዓመታት የገነቡ አድናቂዎች ነበሩ፣ በነጻ። በኤፕሪል 23፣ 2024 ሊያወጡት ቀን ቆርጠዋል። ኩባንያው ደግሞ በ25 ትልቅ አፕዴት አወጣለሁ አለ። የሁለት ቀን ልዩነት! ልጆቹ ጁላይ 25 ላይ ነው የተገላገሉት። እሱንም ለመጫወት መጀመሪያ ጌሙን ወደ ድሮው ቨርዥን መመለስ ነበረባችሁ። ጌሙ የ2015 ነው እኮ! ዘጠኝ ዓመት የተቀመጠ ነገር ምን ቸኮለ?

ይኸው፣ ተናደድኩ። ሁሌ እንዲህ ነኝ፣ ስለ ራሴ ማውራት ሲከብደኝ ኩባንያ እሰድባለሁ።

እሁድ። እሁድ ጠዋት ነው። እዚህ ሦስት ሰዓት፣ እሱ ጋ ገና ሌሊት ነው። የቅዳሜ ሥራውን ጨርሶ ይገባና ጫማውን ሳያወልቅ ኮምፒውተሩ ላይ ይቀመጣል፤ ራሱ ነው የነገረኝ። በቴሌግራም ደወልኩለት፣ ስፒከር ላይ አደረግኩት። እማዬ በረንዳ ላይ ቡና እየቆላች ነው፣ ጭሱ ክፍሌ ድረስ ይመጣል።

"ገባህ?" አለኝ።

"እየገባሁ ነው።"

አልገባም። ቨርዥናችሁ አይገጥምም የሚል ጽሑፍ መጣ። ያንተ ስንት ይላል፣ ያንተስ ስንት ይላል ተባባልን። የሱ አዲሱ ነው። ሥራ ላይ እያለ በራሱ ወርዶ፣ በራሱ ተጭኖ ጠብቆታል። እዚያ ኔቱ ፈጣን ነው፣ ሰውየው አላወቀም እንኳ።

"ቆይ እስቲ ለብቻዬ ልክፈታት" አለ። ከተማዋን ማለቱ ነው። ኮፒዋ እሱም ጋ አለች። ጠበቅኩ። የማውሱ ድምፅ ይሰማኛል። ከዚያ ዝም አለ። ከዚያ ሳቀ።

"አንተ፣ ታክሲዎቹ ሮዝ ሆነዋል።"

እኔም ሳቅሁ። ከልቤ ነው የሳቅሁት።

"ጥቅሱስ?"

"የምን ጥቅስ፣ መስታወቱስ የት አለና።"

እንደገና ሳቅን። ግን ታውቁታላችሁ አይደል፣ ሳቅ አልቆ ማንም ወሬውን ሳያነሳው የሚቀርበት ሰዓት? እዚያ ላይ ደረስን።

"አንተ ጋ ደህና ናቸው?" አለኝ።

"ደህና ናቸው።"

"ሰማያዊ?"

"ሰማያዊ።"

የዘመድ ደህንነት እየጠየቀኝ ይመስል ነበር። እኔ አሁን ላውንቸሩን ከፍቼ እያየሁ ነው። ፕሌይ የሚለው ቦታ ላይ አፕዴት የሚል መጥቷል። 11 ጊጋ ይላል። የስልኬ ሆትስፖት ላይ ነኝ፤ የኢንተርኔት መስመሩ እዚህ ኮንዶሚኒየም ገና አልገባም፣ የሱን ጣጣ ሌላ ቀን። ነገሩ ግን የዳታው አልነበረም። ጥቅል መግዛት እችል ነበር። ማውሱ አፕዴቱ ላይ ነው፣ እጄም ማውሱ ላይ ነው። ልጫነው ወይስ አልጫነው እያልኩ ነበር ወይስ ምንም እያልኩ አልነበረም፣ አሁን ሳስበው አይለይልኝም። ብጫነው ከሱ ጋር እጫወታለሁ፣ ታክሲዎቹ ግን እዚህም ሮዝ ይሆናሉ፣ የትም ሰማያዊ አይሆኑም። ባልጫነው ታክሲዎቹ አሉ፣ እሱ የለም።

ስንት ሰከንድ እንደቆየሁ አላውቅም። የጋሼ ማራገቢያ ይጮሃል። እሱም ይሰማዋል ያንን፣ በስልኩ ውስጥ።

"አይ ተወው" አለ። "አንተ ጋ ባለበት ይቆይ።"

ከዚያ "እማዬን ሰላም በልልኝ" ብሎ ዘጋ።

እኛ እኮ ስንብት ብቻ ግማሽ ሰዓት የሚፈጅብን ሰዎች ነን። በቃ ቻው ተባብለን አዲስ ወሬ የምንጀምር።

እማዬ ሲኒ ይዛ ገባች። "ልጁ ደህና ነው?" አለችኝ። ደህና ነው አልኳት። "ታዲያ ምነው ቶሎ ዘጋ?" ደክሞት ነው አልኳት። "እሱ?" አለችና ወጣች። ሌላ ምንም አላለችም። "እሱ?" ብቻ።

እና ከዚያ ወዲህ ያቺን ንግግር ደጋግሜ እሰማታለሁ። ባለበት ይቆይ። ስታዩት ምንም የለውም። ደክሞት ይሆናል፣ ሌሊት ነው። ወይም አዝኖልኝ ይሆናል፣ ጥቅል እዚህ ስንት እንደሆነ ያውቃል፣ አንድ ላይ እያዋጣን ስንገዛ የኖርን ሰዎች ነን። ወይም ከልቡ ነው፣ አንድ ቦታ እንኳ ሳትነካ ትቆይ ብሎ። ወይም… ወይም "አንተ እዚያው ቆይ" ነው። እንደዚያ ማለቱ አይመስለኝም። ድምፁ ላይ ግን የሆነ ነገር ነበር። ወይ ስፒከሩ ይሆናል፣ ስፒከሬም ቀሽም ነው።

የሚያስቀኝ ምን መሰላችሁ? ስቲም ራሱ ለምን እንደመጣ። በሴፕቴምበር 2003 ነው የወጣው። ከዚያ በፊት ካውንተር ስትራይክ የሚባለው የተኩስ ጌም ላይ አዲስ ነገር በተለቀቀ ቁጥር ግማሹ ሰው አውርዶ ግማሹ ሳያወርድ ይቀርና መጫወት አይችልም ነበር። ሁሉም እኩል እንዲሆን ነው በራሱ የሚያወርድ ነገር የሠሩት። የኔና የሱን ችግር ሊፈታ ነው የመጣው ማለት ነው። እኔ ደግሞ ሄጄ ዘጋሁት። ፍረዱ እንግዲህ።

ግን እኮ እኛ ካውንተር ስትራይክ 1.6ን ስንጫወት ማን አፕዴት ያውቃል? ኢንተርኔት ካፌው ውስጥ ያሉት ማሽኖች በሙሉ ከአንድ ፍላሽ የተገለበጠ ፎልደር ነው ያላቸው። ልጁ ጠዋት ይመጣል፣ ከአንዱ ወደ አንዱ ይገለብጣል፣ ሁላችንም አንድ ነን። ቨርዥን የሚባል ነገር መኖሩንም አላውቅም ነበር። ዱስት ቱ የሚባለው ሜዳ ላይ ቨርጂኒያው ሁሌ በር ላይ ይደበቃል፣ ሁሌ እዚያው ቦታ፣ ሁሌም ይገድለኛል። ያኔ ቨርጂኒያው አልነበረም በእርግጥ። ስሙን ልጠራው ነበር።

እንዳትሳሳቱ ደግሞ፣ አፕዴት አታድርጉ እያልኩ አይደለም። ከማታውቁት ሰው ጋር ኦንላይን የምትጫወቱ ከሆነ አድርጉ፣ የደህንነት ቀዳዳ የሚደፈነው በሱ ነው። ደግሞ ምናልባት አዲሱ ይሻል ይሆናል። ቨርጂኒያው ዝናቡ ያምራል ብሎኛል፣ ትናንት በጽሑፍ። "ዝናቡን አሳምረውታል" ብቻ ብሎ ላከ። ምን ብዬ ልመልስ? ጣት ቀስሬ ላክሁ። ጣት!

አሁን እያሰብኩ ያለሁት ምንድን ነው፣ እኔ ጋ ያለውን ሙሉውን ፎልደር ልልክለት ነው። በኔት አይሆንም፣ ከዚህ ወደዚያ ያን ሁሉ ጊጋ መጫን ቀልድ ነው። የሚሄድ ሰው አለ፣ የአክስቱ ልጅ። የቨርጂኒያው እናት በርበሬና ሽሮ እያዘጋጁለት ነው፣ እኔም ሃርድ ዲስክ ልጨምርበት። ሽሮው ውስጥ እንዳይቀብሩት ብቻ። ሌላው መንገድ ሠሪዎቹ የድሮውን ቨርዥን ቤታ በሚለው ክፍል ውስጥ ቢተዉት ነበር። ብዙ ጌም ላይ ይደረጋል። የኛዎቹ አልተዉም፣ አይቻለሁ።

ግን ይፈልገው እንደሆነ አልጠየቅኩትም። ሰውየው እኮ ዝናቡን ወዶታል። ሃርድ ዲስኩ ደርሶት መሳቢያ ውስጥ ቢያስቀምጠው… አይ፣ እንደዚያ አያደርግም። ያደርጋል እንዴ? ደክሞት የሚገባ ሰው ነው፣ ቢያደርግም አልፈርድበትም።

ደግሞ ቢገለብጠውም እኮ ላውንቸሩ ኦንላይን ከሆነ ወዲያው ሊያድሰው ነው። መጀመሪያ ያንን ፋይል መቆለፍ አለበት። እሱ ደግሞ ሴቲንግ ነክቶ አያውቅም፣ ሁሌ እኔ ነበርኩ የማደርግለት። በስክሪን ሼር ላሳየው እችላለሁ፣ ግን ለዚያ ሁለታችንም ነቅተን የምንገኝበት ሰዓት… እሁድ ነው እንግዲህ። እሁድ ይደውል ይሆን ወይስ እኔ ልደውል፣ ባለፈው እኔ ነበርኩ የደወልኩት፣ እና…