ኳሷን ጋቢ ውስጥ ስናሳድር

እንደምን ዋላችሁ። ንግግር አድርግ ብላችሁኛል፣ እኔም ወረቀት ጽፌ መጥቻለሁ፣ ከወረቀቱ ከወጣሁ ግን ታገሱኝ፣ አፌ ፊሽካ ለመንፋት እንጂ ለመድረክ አልለመደም። አባቶች፣ እናቶች፣ ብርዱን ችላችሁ ስለተቀመጣችሁልኝ እግዜር ይስጥልኝ። ልጆቹ ሲሚንቶው ላይ ነው ያሉት፣ ደብረ ብርሃን ላይ በዚህ ሰዓት ሲሚንቶ ላይ መቀመጥ ራሱን የቻለ ስፖርት ነው።

እኔ ልጅ ሆኜ እዚሁ ስጫወት አንድ የቅርጫት ኳስ ነበረችን። አንድ፣ ለአስራ ምናምን ልጅ። ኅዳር ላይ ውርጭ ሲመታት አድራ ጠዋት መሬት ስትመታት አትነጥርም፣ ዱብ ብላ ትቀራለች። ውስጧ ያለው አየር ሲቀዘቅዝ ግፊቱ ይወርዳል፣ ጎማውም ይደርቃል፣ ይሄን ፊዚክስ ክላስ ውስጥ የተማርኩት ኋላ ነው፣ መፍትሄውን ግን ቀድመን አግኝተነው ነበር፦ ኳሷን በየተራ ቤት እየወሰድን ጋቢ ውስጥ እናሳድራታለን። ተራዬ የደረሰ ለት እናቴ ሌሊት ተነስታ "ምንድነው አቅፈህ የተኛኸው?" ብላ ጋቢውን ገልጣ አየች። አልተቆጣችም፣ ግን በማግስቱ ቡና ላይ ለጎረቤቱ ሁሉ አወራችብኝ፣ እስከ ዛሬም "ኳስ አቃፊው" የሚሉኝ እናቶች እዚህ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠዋል፣ አይቻችኋለሁ።

ወደ ነገሬ ልግባ። በዚህ ክረምት ውድድር ላይ አንድ ልጅ፣ ስሙን አልጠራም ያፍራል፣ ከጌም በኋላ መጥቶ "ኮች፣ ከኮሌጅ ወደ ፕሮፌሽናል የሚገባው እንዴት ነው?" አለኝ። "ቆይ እነግርሃለሁ" አልኩት፣ ሳልነግረው ሦስት ሳምንት አለፈ። ይሄ ንግግር የሱ መልስ ነው፣ እናንተ በነካ እጃችሁ ስሙ።

መጀመሪያ በሩ ምን ያህል ጠባብ እንደሆነ። ኤንቢኤ፣ ትልቁ የአሜሪካ የቅርጫት ኳስ ሊግ፣ 30 ቲም ነው ያለው። በዓመት አንዴ ቲሞቹ አዳዲስ ልጆች በተራ የሚመርጡበት ድራፍት የሚባል ምርጫ አለ፣ ሁለት ዙር ነው፣ ሁሉም ተደምሮ ወደ 60 ልጅ ነው የሚጠራው። አሜሪካ ውስጥ ደግሞ በአንደኛው ዲቪዚዮን ብቻ ከ350 በላይ ኮሌጆች ቲም አላቸው፣ በየቲሙ አስራ ምናምን ልጅ፣ በዛ ላይ ከአውሮፓ ከአፍሪካ ከአውስትራሊያ የሚመጣው አለ። የተጠራም ሁሉ ገባ ማለት አይደለም፣ የመጀመሪያው ዙር ልጆች ዋስትና ያለው ኮንትራት ይፈርማሉ፣ ሁለተኛው ዙር ላይ የሚጠራ ልጅ ግን እንደዛ የሚል ደንብ የለውም፣ ጂ ሊግ በሚባለው ታዳጊ ሊግ ውስጥ ዓመት ሁለት ዓመት ሲመላለስ ሊቆይ ይችላል። ከሃይስኩል ቀጥታ መግባት ደግሞ ከ2006 ድራፍት ጀምሮ ቀርቷል፣ ዓመቱን በፈረንጅ ነው የምላችሁ፣ ልጁ በድራፍቱ ዓመት 19 የሚሞላው መሆን አለበት። ሴቶቹ ጋ ደግሞ ይብሳል፣ አሜሪካ ኮሌጅ የምትጫወት ልጅ ብዙውን ጊዜ አራት ዓመቷን ትጨርሳለች፣ ኬትሊን ክላርክ አይዋ ዩኒቨርሲቲ አራት ዓመት ሙሉ ተጫውታ ነው በ2024 በሴቶቹ ሊግ ድራፍት አንደኛ የተመረጠችው። እናንተ ሴቶቹ ይሄን ያዙልኝ፣ ኋላ እመለስበታለሁ ብዬ ነበር ግን እዚሁ ልጨርሰው፣ አራት ዓመት መቆየት ማለት ወደኋላ መቅረት ማለት አይደለም።

አሁን ተነሱና ይቺን ነጭ መስመር እዩ። 6.75 ሜትር ናት፣ የኮሌጅ የሦስት ነጥብ መስመር እዛም ይሄው ነው። ከኋላዋ ትናንት በኖራ ያሰመርኳት ደግሞ 7.24 ናት፣ የኤንቢኤ። ልዩነቷ አንድ ክንድ ናት፣ አትሞላም። በሉ ሞክሩ ብያቸው ዛሬ ጠዋት የኛ ምርጥ ተኳሽ ከፊተኛዋ መስመር ከአስር ሰባት አስገባ፣ ከኋለኛዋ ሁለት። ነፋሱም አለ፣ እሺ፣ የደብረ ብርሃንን ነፋስ ማንም አይክደውም፣ ግን ነፋሱ ሁለቱም ላይ ይነፍሳል። ያቺን አንድ ክንድ የሚሞላው እጅ አይደለም፣ እግር ነው፣ ጉልበትና ዳሌ ነው። ኮሌጅ 40 ደቂቃ ነው የሚጫወቱት፣ ኤንቢኤ 48፣ ኮሌጅ በዓመት 30 ምናምን ጌም፣ እዛ 82። የ19 ዓመት ልጅ ገላ ይሄን የሚችለው ሲበላ፣ ሲተኛና ሲያርፍ ነው፣ ተሰጥኦ ብቻውን 82 ጌም አይሸከምም።

ካማን ማልዋች የሚባል ልጅ አለ። ጎረቤታችን ደቡብ ሱዳን ሩምቤክ ተወልዶ ኡጋንዳ ያደገ ነው። ቅርጫት ኳስ የጀመረው ወደ 13 ዓመቱ ገደማ ነው፣ ከናንተ አብዛኞቻችሁ ከዛ በፊት ጀምራችኋል። ከዛ ሴኔጋል ያለው የኤንቢኤ አካዳሚ ወሰደው፣ በአፍሪካ ሊግ ተጫወተ፣ በ17 ዓመቱ ፓሪስ ኦሎምፒክ ላይ ለሀገሩ ተሰለፈ። ያን ቲም ታስታውሱታላችሁ፣ በኛ አቆጣጠር በ2016 ሐምሌ ለንደን ላይ ከአሜሪካ ጋር ለወዳጅነት ተጫውተው 101 ለ 100 የተሸነፉት፣ የአሜሪካው ሌብሮን ጄምስ የመጨረሻዎቹ ሰኮንዶች ላይ አግብቶባቸው። እኔ እህቴ ቤት በስልክ ነበር የማየው፣ ኔትወርኩ ሲቆራረጥ እየጮህኩ፣ እህቴ "እነሱ ያንተ ምንህ ናቸው?" ስትለኝ መልስ አጣሁ። ከዛ ልጁ ዱክ ዩኒቨርሲቲ ገባ፣ አንድ ዓመት ተጫወተ፣ ፋይናል ፎር ደረሱ፣ የኮሌጆች ውድድር የመጨረሻዎቹ አራት ማለት ነው፣ በኛው በ2017 ሰኔ ላይ በድራፍት 10ኛ ሆኖ ተጠራ፣ ፊኒክስ ነው የደረሰው።

ይሄን ስታወሩ ሁላችሁም ቁመቱን ነው የምታወሩት። እኔ ግን ሌላ ነገር ነው የማየው፦ በየደረጃው አንድ ቦታ ይዞት ነበር። ያበላዋል፣ ያስተምረዋል፣ ሲያመው ሐኪም ያሳየዋል። ኮሌጅም ለብዙዎቹ ሥራው ይሄ ነው። የኤንቢኤው ጂሚ በትለር መጀመሪያ የገባው ቴክሳስ ውስጥ ያለ የሁለት ዓመት ኮሌጅ ነው፣ ትልልቆቹ አልፈለጉትም፣ ከዛ ማርኬት ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሦስት ዓመት ተጫውቶ በፈረንጅ 2011 የመጀመሪያው ዙር የመጨረሻ ተጠሪ ሆነ፣ 30ኛ። ፍሬድ ቫንቭሊት ዊቺታ ስቴት ዩኒቨርሲቲ አራት ዓመት ቆይቶ ድራፍት ላይ ማንም አልጠራውም፣ ከሦስት ዓመት በኋላ ከቶሮንቶ ጋር የኤንቢኤ ሻምፒዮን ሆነ። ሁለቱም የዘገዩ ናቸው፣ ግን እስኪበስሉ ያቆያቸው ቦታ ነበር።

ሩቅ ሳንሄድ አበበ ቢቂላ እዚሁ የኛው ሸዋ ጃቶ ነው የተወለደው። ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሲያሸንፍ 28 ዓመቱ ነበር። ባዶ እግሩን ሁሉም ያወራል፣ ክብር ዘበኛ ወታደር እንደነበረ፣ ደሞዝና አሰልጣኝ እንደነበረው ግን ማንም አያወራም። ክብር ዘበኛ የሱ ኮሌጅ ነበረች፣ እኔ እንደዛ ነው የማስበው።

የራሴን ደሞ ልንገራችሁ፣ ይሄን ለልጆቹ አውርቼ አላውቅም። ኮሌጅ ሁለተኛ ዓመት እያለሁ አዲስ አበባ ያለ አንድ ክለብ ለሙከራ ጠራኝ። አስር ቀን ሲቀረኝ ሪባውንድ፣ ስታ የተመለሰች ኳስ ልይዝ ዘልዬ ሰው ጫማ ላይ አረፍኩና ቁርጭምጭሚቴ ዞረ፣ ድምፁን ሰምቼዋለሁ፣ እንደ ደረቅ እንጨት። ወጌሻ ጋ ሄድኩ፣ በቅቤ አሸኝ፣ አልተሻለኝም። ለማንም ሳልናገር በፋሻ ጠፍንጌ በሚኒባስ 130 ኪሎሜትር ሄጄ ሀያ ደቂቃ ተጫወትኩ። "እግርህ ምን ሆኖ ነው?" ያለኝ ሰው የለም፣ "ስድስት ሳምንት አርፈህ ተመልሰህ ና" ያለኝም የለም፣ ስሜን ከወረቀቱ ላይ ሰረዙ፣ አለቀ። ያቺ እግር ዛሬም ክረምት ሊገባ ሲል ከሬዲዮ ቀድማ ትነግረኛለች። ጆኤል ኤምቢድ የሚባለው የካሜሩን ልጅ ደግሞ በፈረንጅ 2014 እግሩ ተሰብሮ እያለ ነው በኤንቢኤ ድራፍት ሦስተኛ የመረጡት፣ ሁለት ሲዝን ሙሉ አንድ ጌም አልተጫወተም፣ ጠበቁት፣ በ2023 የሊጉ ኮከብ ተጫዋች ተባለ። እኔ ኤምቢድ እሆን ነበር አልልም፣ አትሳቁ፣ ሁለት ሲዝን አልፈልግም ነበር ነው የምለው፣ ስድስት ሳምንት።

እና አንተ ልጅ፣ መልሱ ይሄ ነው። አሜሪካ ትሂድ አትሂድ እኔ አላውቅም፣ ግን ኳሱን ብለህ ትምህርትህን እንዳትጥል፣ የሚያቆይህ ቦታ እሱ ነውና። አባቶች፣ እናቶች፣ ልጃችሁ እያነከሰ ሲመጣ "ወንድ አይደለህም እንዴ" አትበሉት፣ ጤና ጣቢያ ውሰዱትና እኔ ጋ ላኩት፣ እኔ ቤንች ላይ አስቀምጠዋለሁ፣ ቦታውም አይወሰድበትም። ይሄን በማይክ ተናግሬያለሁ፣ ሁላችሁም ምስክር ናችሁ።

የሜዳው ቁልፍ ከነገ ጀምሮ ዘበኛው ጋ ነው የሚሆነው፣ ተስማምተናል፣ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ይከፈታል። ሽልማቱ ከመሰጠቱ በፊት አንድ ነገር ብቻ ቀረኝ፦ ኅዳር እየመጣ ነው፣ አዲሷ ኳስ ዛሬ ማታ ማን ቤት ነው የምታድረው? እጅ አውጡ።