እርስዎ የት ነበሩ?

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ክቡራን እንግዶች፣ በተለይም የቀድሞ ሠራዊት አባላትና የቀድሞ ታጋዮች የሆናችሁ ወገኖቼ፣ እንኳን ደህና መጣችሁ።

ባለፈው ዓመት እዚህ ከፊት ረድፍ ተቀምጠው የነበሩ ሦስት አባቶች ዛሬ የሉም። ነፍሳቸውን ይማር። የሁለቱን ቃል ቀድተናል። የሦስተኛውን ግን «ከፋሲካ በኋላ» ስንባባል ሳንቀዳው ቀረ። ሚሊሻ ነበሩ። በ1969 ታጠቅ ጦር ሰፈር ከሠለጠኑት ወደ 300 ሺህ ከሚጠጉ ሰዎች አንዱ። ከእርሻቸው ተነሥተው ታጠቅ ገቡ፣ ከታጠቅ ወደ ኤርትራ ሄዱ። ይህን ያህል እናውቃለን። የቀረውን ይዘውት ሄዱ። ልጃቸው ባለፈው ሳምንት ደውላልኝ ነበር። «አባቴ የት የት እንደተዋጋ የምታውቁት ነገር አለ?» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም። እስካሁን ይከነክነኛል።

ዛሬ የማወራችሁ ስለዚሁ ነው። ማንን እንደምንጠይቅ፣ እንዴት እንደምንጠይቅ።

ስለዚያ የደርግ ዘመን የ17 ዓመት የእርስ በርስ ጦርነት ብዙ ተጽፏል። አብዛኛውን የጻፉት አዛዦች ናቸው። ውለታቸው ትልቅ ነው። ተራ ወታደር ሊያውቀው የማይችለውን ነገር ነግረውናል። ለምሳሌ ኤርትራ ውስጥ ያለችውን አፋቤትን ውሰዱ። እዚያ የነበረው የመንግሥት ጦር፣ ናደው ዕዝ፣ መጋቢት 1980 በሦስት ቀን ውስጥ ፈረሰ። ከዚያ አንድ ወር ገደማ ቀደም ብሎ የዕዙ አዛዥ የነበሩት ብርጋዴር ጄኔራል ታሪኩ ዐይኔ በገዛ መንግሥታቸው ተረሽነዋል። ይህ ነገር መኮንኖቹን ምን እንዳደረጋቸው፣ ማን ማንን ማመን እንዳቆመ፣ ትእዛዝ እንዴት እንደዘገየ የሚነግረን አዛዥ ነው። ምሽግ ውስጥ ያለ ልጅ ይህን ከየት ያመጣዋል?

ግን አዛዡ የሚያየው ካርታ ነው። የሚሰማው ሬዲዮ ነው። ወታደሩ የሚያየው ከፊቱ ያለችውን ሃያ ሠላሳ ሜትር ነው። የሚያስበው ስለ ኮዳው ነው። ውሃ አለ? የለም? በኤርትራ ቆላ የተዋጋ ሰው ስለ ውጊያ ጠይቁት፣ ስለ ውሃ ነው የሚጀምርላችሁ።

አንድ ጥፋቴን ልንገራችሁ። ማኅበራችን ሥራ በጀመረ ሰሞን ነው። አፋቤት የነበሩ አንድ የጭነት መኪና ሹፌር ቃላቸውን ሊሰጡኝ መጡ። «ውጊያው የጀመረው ከሰዓት በኋላ ነው» አሉኝ። እኔ መጻሕፍቱን አንብቤያለሁ። «አይደለም አባቴ፣ ንጋት ላይ ነው የጀመረው» አልኳቸው። አዩኝ። «እሺ፣ እናንተ ካላችሁ» አሉ። ከዚያ በኋላ ያለው ቅጂ አርባ ደቂቃ ነው። አርባውንም ደቂቃ «አዎ»፣ «አይ»፣ «እንዲያ ነው» ብቻ ነው የሚሉት። ሰውየውን ዘጋኋቸው።

በኋላ ቅጂውን ደጋግሜ ስሰማው ገባኝ። እሳቸው ከኋላ፣ ከስንቅና ትጥቁ ጋር ነበሩ። ጠዋት የሰሙት የሩቅ መድፍ ነው። የሩቅ መድፍ ደግሞ እዚያ አገር በየቀኑ ይሰማል። ውጊያው እሳቸው ዘንድ የደረሰው ከሰዓት በኋላ ነው። ያልዋሹትን ሰው ነው ያረምኳቸው።

ከዚያ ወዲህ ለሁሉም የምናቀርበው የመጀመሪያ ጥያቄ አንድ ሆኗል። «እርስዎ የት ነበሩ?» ስለ ጦርነቱ ምን ያስባሉ አይደለም። ማን ጀመረው አይደለም። የት ነበሩ? ከተራራው በየትኛው በኩል? ከጎንዎ ማን ነበር? ምን ተጫምተው ነበር? ጠዋት ምን በሉ? ሰው ኮቾሮውን፣ ያን ደረቅ የወታደር ስንቅ፣ ካስታወሰ ሌላው ራሱ ይመጣል። ኮቾሮ እንዴት በድንጋይ እንደሚሰበር ከነገረ በኋላ ድንጋዩ የት እንደነበር ይነግራችኋል። ድንጋዩ ካለ ምሽጉ አለ። ምሽጉ ካለ አጠገቡ የወደቀው ጓደኛው አለ።

የመትረየስ ተኳሽ የነበሩ አንድ አባት አሉ። ዛሬም እዚሁ አዳራሽ ውስጥ ናቸው፣ ስማቸውን እንዳልጠራ ለምነውኛል። በኤርትራው ናቅፋ ግንባር የት እንደነበሩ ስጠይቃቸው አልመለሱልኝም። ጠረጴዛው ላይ የነበሩትን የቡና ሲኒዎች መደርደር ጀመሩ። ስኳር ማስቀመጫው ተራራው ሆነ። አራት ሲኒ ከዚህ፣ ሦስት ሲኒ ከዚያ። ማንኪያዋን በመሃል አጋደሟት። «ይቺ ሸለቆዋ ናት» አሉ። ከዚያ ጣታቸውን ከአንዱ ሲኒ ወደ ሌላው አሻገሩ። «ከዚህ እስከዚያ፣ ሲስሉ እንሰማቸዋለን።»

እኛ ናቅፋን በዘመቻ ስም ነው የምናውቀው። በ1974 መንግሥት በኤርትራ ስላካሄደው የቀይ ኮከብ ዘመቻ ስናወራ ስንት ክፍለ ጦር እንደተሰለፈ፣ ለምን እንዳልተሳካ እንከራከራለን። እሳቸው የነገሩኝ ሳል ነው።

ከዓመት በኋላ በዚያው ግንባር በሻዕቢያ፣ ማለትም መንግሥትን ይወጉ በነበሩት የኤርትራ ታጋዮች፣ በኩል የተዋጋች ሴት አገኘን። ከታጋዮቹ አንድ ሦስተኛ ገደማው ሴቶች እንደነበሩ ታስታውሳላችሁ። የምትኖረው ውጭ አገር ስለሆነ በስልክ ነው የቀዳናት። ስለ ሲኒዎቹ አልነገርናትም። ሌሊት ምን ትሰሙ ነበር ብለን ጠየቅናት። «ይዘፍኑ ነበር» አለች። «አማርኛ ብዙም አልችልም ነበር፣ ዜማው ግን እስካሁን አለ።» ከዚያም በስልክ አንጎራጎረችው። ቅጂውን ለመትረየስ ተኳሹ አሰማናቸው። መጨረሻ ላይ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት፣ ብዙም አልተናገሩም።

አንዳንድ አባላት የሁለቱን ወገን ቃል አንድ ላይ ማስቀመጥ የሞቱትን መድፈር ነው ትላላችሁ። ስሜታችሁን አከብራለሁ። ወንድም የቀበረ ሰው ይህን ቢል አይፈረድበትም። እኔ ግን አልስማማም። አድ ሽሩም ላይ የሆነውን አስቡት። ከአፋቤት መስመር የሚያፈገፍገው የመንግሥት ሜካናይዝድ ጦር ጠባቡ መተላለፊያ ላይ ተዘጋበት። ታንኮቹ በሻዕቢያ እጅ እንዳይገቡ ደግሞ የራሱ አየር ኃይል ደበደባቸው። ይህን በአንድ ሰው ዓይን ማየት አይቻልም። ታንክ ውስጥ የነበረው ሌላ ነገር አየ። ሸንተረሩ ላይ ያደፈጠው ታጋይ ሌላ። ከላይ የመጣው አብራሪ ሌላ። አውሮፕላኑ የወገን ነው ብሎ እጁን ያውለበለበውም ነበረ። ከእነዚህ አንዱን ብንተው የተረፈው ታሪክ ጎዶሎ ነው።

ሥራው ላይ ብዙ ጊዜ የሚያደናግረን ደግሞ የቀን አቆጣጠር ነው። የቀድሞ የሻዕቢያ ታጋዮች የሚቆጥሩት በፈረንጆቹ ነው። የምፅዋ ውጊያ ለእነሱ በ90 ነው፣ ለእኛ በ1982። የካቲት 1 ቀን ብለን የመዘገብነው እነሱ ዘንድ ፌብሩዋሪ 8 ነው። ቀላል ይመስላል። ነገር ግን አንድ ምስክር «በ80» ብሎ ሲጀምር የትኛው 80 እንደሆነ ካልተጠየቀ፣ ስምንት ዓመት የሚያህል ስህተት መዝገቡ ውስጥ ይገባል። ሰዓትም እንዲሁ ነው። ቃል የምትቀዱ ወጣቶች፣ እባካችሁ፣ የተናገሩትን በተናገሩበት አቆጣጠር ጻፉ። ማስተካከያው ከጎን ይሁን። በቃላቸው ላይ አትደልዙ።

ስለ ሙታን ቁጥርም አንድ ነገር። «ይህን ያህል ሺህ ደመሰስን» የሚለው ከሁለቱም ወገን ይመጣል። እንመዘግበዋለን፣ ማን እንዳለው ጭምር። ከዚያ ግን በጨዋ ደንብ፣ «እርስዎ በዓይንዎ ያዩት ስንት ነው?» ብላችሁ ጠይቁ። ብዙውን ጊዜ ዝም ይላሉ። ከዚያ «ሦስት» ይሏችኋል። የሦስቱንም መልክ ይነግሯችኋል። አንደኛው ቀይ ልጅ ነበር፣ አንደኛው ጫማ አልነበረውም።

ግንቦት 1983 ላይ ሠራዊቱ ሲበተን ስንት ማስታወሻ ደብተር ተቃጠለ። ሲማረኩ የቀበሩት አሉ። በየቤቱ የተረፈ ነገር ግን አሁንም አለ። የብሔራዊ ውትድርና ዘማች ለእናቱ የላከው ደብዳቤ፣ ጀርባው ላይ «ለማስታወሻ» ተብሎ የተጻፈበት ፎቶ። እናንተ ልጆች፣ አባታችሁ «ምንም የለኝም» ካላችሁ ሣጥኑን እናታችሁን ጠይቁ።

በመጨረሻም የቅርቡን ቁስል ሳላነሣ ማለፍ አልችልም። ጥቅምት 2013 የጀመረውና በጥቅምት 2015 ፕሪቶሪያ ላይ ስምምነት የተፈረመበት ጦርነት ተዋጊዎች ገና ወጣቶች ናቸው። ብዙዎቹ ልጆቻችን ናቸው። ለመናገር ዝግጁ ያልሆኑ አሉ፣ ማስገደድ ነውር ነው። መናገር የሚፈልጉም አሉ፣ የሚሰማቸው ግን የለም። ሲናገሩ ወይ ይሰደባሉ፣ ወይ ይጨበጨብላቸዋል። ሁለቱም አፍ ያዘጋል። አርባ ዓመት ጠብቀን ከፋሲካ በኋላ እንዳንላቸው እለምናችኋለሁ። የሥራ አመራር ኮሚቴው ከሰዓት በኋላ የሚያቀርበው እቅድ ይህንን ይዟል። ጊዜ ወስዳችሁ ተወያዩበት። ስማቸው የማይጠቀስበት፣ ቅጂው እነሱ እስኪፈቅዱ የሚታሸግበት መንገድ የግድ ያስፈልጋል። ይህ ካልተሟላ ባንጀምረው ይሻላል።

አሁን ከእኔ ይልቅ ልትሰሟቸው የሚገቡ ሰው ከጎኔ ተቀምጠዋል። ምፅዋ ላይ የሬዲዮ ኦፕሬተር ነበሩ። ዛሬ በሰው ፊት ሲናገሩ የመጀመሪያቸው ነው። በመሃል አታቋርጧቸው፣ ፎቶም አታንሷቸው። ዝም ካሉም ጠብቋቸው።

ጉባኤው መከፈቱን አበስራለሁ። አባቴ፣ ይምጡ፣ ማይኩ የርስዎ ነው። የት ነበሩ?