ሜሪ ስሌሰር፦ ከዳንዲ ፋብሪካ እስከ ካላባር ችሎት

[ምስል፦ የሊቨርፑል ወደብ አሮጌ ሥዕል]

ኦገስት 5 ቀን 1876። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ሊቨርፑል ወደብ ላይ አንዲት መርከብ ጉዞ ልትጀምር ነው። ስሟ «ኢትዮጵያ» ይባላል። አዎ፣ ኢትዮጵያ! የምትሄደው ግን ወደ ምዕራብ አፍሪካ ነው። ጭነቷ ውስጥ በርሜል በበርሜል የተደረደረ አረቄ አለ። ከተሳፋሪዎቹ አንዷ የ27 ዓመት ቀይ ጸጉር ስኮትላንዳዊት ናት። በርሜሎቹን አየችና፣ ይህ ሁሉ መጠጥ፣ ሚስዮናዊ ግን አንድ ብቻ ብላ አሾፈች።

ሜሪ ስሌሰር በመጠጥ የምታሾፈው እያወቀችው ነው። አባቷ ጫማ ሠሪ ነበር፤ ያገኘውን የሚጠጣ። ሰክሮ ሲገባ እሷ ከቤት የምትባረርበት ሌሊት ነበር። ቤቱን ያቆሙት እናቷና እሷ ናቸው።

[ምስል፦ የዳንዲ ከተማ ፋብሪካዎች]

በ11 ዓመቷ ዳንዲ ከተማ ባክስተር የሚባል የጨርቃጨርቅ ፋብሪካ ገባች። ግማሽ ቀን ማሽን ላይ፣ ግማሽ ቀን ትምህርት ቤት። 14 ሲሞላት ሙሉ ሠራተኛ ሆነች፤ ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ማታው 12 ሰዓት። ከዚያ በተረፈው ጊዜ የሰፈር ልጆች ታስተምራለች። አንድ ቀን ጎረምሶች ከበቧትና ገመድ ላይ የታሰረ ከባድ የእርሳስ ብረት ፊቷ አጠገብ እያሽከረከሩ ሊያስፈራሯት ሞከሩ። ንቅንቅ አላለችም። በመጨረሻ ልጆቹ ራሳቸው ትምህርቷ ላይ መጥተው ቁጭ አሉ።

እኔ የሜሪን ታሪክ ሳነብ ሁሌም የምመለሰው ወደዚህ ነው። ብዙ ሰው የሚያውቃት መንታ ሕፃናት ታቅፋ በቆመችበት ሥዕል፣ እንደ ቅድስት ተደርጋ ነው። ካላባር ላይ የሠራላት ግን የፋብሪካ ልጅነቷ ይመስለኛል።

አንድ ነገር ቶሎ እንጨርስ። ሜሪን የላካት የስኮትላንድ ፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን ነው። ፕሬስቢቴሪያን ማለት በጳጳስ ሳይሆን በተመረጡ ሽማግሌዎች የሚመራ የፕሮቴስታንት ቤተ ክርስቲያን ነው። እኛ አገር መካነ ኢየሱስ ውስጥ «ቤቴል» የሚባለው ክፍል ሥሩ ከአሜሪካ ፕሬስቢቴሪያኖች ነው። የስኮትላንዶቹ ደግሞ በዛሬዋ ደቡብ ምሥራቅ ናይጄሪያ፣ ካላባር፣ ከ1846 ጀምሮ ነበሩ። ሜሪ የሄደችው ወደተጀመረ ሥራ ነው።

[ምስል፦ የካላባር ወንዝ]

ሚስዮናውያኑ ያኔም እንደ አውሮፓዊ ነው የሚኖሩት። ሻይ በሰዓቱ፣ ልብስ በወጉ። ሜሪ ግን ከደመወዟ ለእናቷ መላክ ነበረባት። ስለዚህ የአገሩን ምግብ፣ ቦዬውን፣ መብላት ጀመረች። እያደር ወገብ የሚያጠብቀውን የውስጥ ልብስ፣ ኮርሴቱን፣ ጣለች፣ ጸጉሯን አሳጠረች፣ በባዶ እግሯ ሄደች። የኤፊክ ቋንቋንም እንደ አገሬው ሰው ትናገር ነበር። ወባው ግን አልማራትም፤ ደጋግሞ ጥሏታል።

በአካባቢው መንታ መውለድ ትልቅ መርገም ነበር። ከሁለቱ የአንዱ አባት እርኩስ መንፈስ ነው ተብሎ ይታመናል። የትኛው እንደሆነ ስለማይታወቅ ሁለቱም ይገደላሉ ወይም ጫካ ይጣላሉ፤ እናትየውም ከሰው ትለያለች። ሜሪ ሕፃናቱን እየሰበሰበች ቤቷ ማሳደግ ጀመረች። ከእነሱ አንዷን ጄኒ ብላ እንደ ልጇ ያዘቻት፤ ስኮትላንድም ይዛት ሄደች።

በ1886 እናቷና እህቷ ሞቱ። ከእንግዲህ ወደ ውስጥ አገር ብገባ የሚጨነቅልኝ ሰው የለም ብላ ጻፈች። በ1888 ኦኮዮንግ ወደሚባለው ሕዝብ ዘንድ ሄደች፣ ኤኬንጌ የተባለ መንደር።

እዚህ ጋ ብዙ ተራኪ የሚያልፋት ሴት አለች፤ ማ ኤሜ። የመንደሩ አለቃ የኤዴም እህት ናት፣ ባሏ የሞተባት። በግልጽ ከሜሪ ጎን አልቆመችም። ግን መንደሩ ውስጥ አደጋ ሲጠነሰስ ወደ ሜሪ ጠርሙስ ትልካለች፤ «መድኃኒት ሙይልኝ» ብላ። ጠርሙሱ ምልክት ነው፣ ንቂ ማለት ነው። ሜሪ «በአጋጣሚ» ትደርሳለች፣ ትለምናለች፣ ትጮኻለች፣ ሌሊቱን ሙሉ ቁጭ ብላ ትከራከራለች። ስንት ሰው ከሞት ተረፈ የሚባለው ማ ኤሜ ቀድማ ስላወቀች ነው። እሷ ግን ክርስቲያን አልሆነችም።

አደጋው ብዙ ጊዜ ባቄላ ነበር። ኤሴሬ ይሉታል። በጥንቆላ የተጠረጠረ ሰው የዚህን መርዛማ ባቄላ ብጥብጥ ይጠጣል፤ ካስመለሰው ንጹህ ነው፣ ከሞተ ጥፋተኛ። የሚገርመው፣ ባቄላው ስኮትላንድ፣ ኤዲንብራ ደርሶ ሐኪሞች መረመሩት። በ1855 ሮበርት ክሪስቲሰን የተባለ ፕሮፌሰር ራሱ ላይ ሞከረው፤ ለጥቂት ተረፈ። በኋላ ከባቄላው የወጣው ንጥረ ነገር ግላኮማ ለሚባለው የዓይን ሕመም መድኃኒት ሆነ።

[ምስል፦ የችሎት ሥዕል]

በ1892 የእንግሊዝ አስተዳደር ሜሪን ምክትል ቆንስል አድርጎ ሾማት። ዳኝነትም ሰጣት። አንድ የመንግሥት ሰው ችሎቷን ያየውን ጽፏል። ተወዛዋዥ ወንበር ላይ ሻርፕ የደረበች ደቃቃ አሮጊት ሕፃን እያባበለች ተቀምጣለች። ድንገት ብድግ አለችና፣ እንዳይመጣ የተከለከለ ሰውዬ አንገቱን ይዛ በጥፊ አጮለችው። ከዚያ ወደ ውጭ! በዛሬ ሕግ ስንት ክስ ይወጣታል እሷው ላይ።

እና ይህን ማለፍ አይቻልም፤ ሜሪ የቅኝ ገዢው አካል ነበረች። ለሴቶችና ለባሪያዎች ያደላ የነበረው ፍርዷ ጉልበት ያገኘው ከጀርባው የእንግሊዝ መንግሥት ስላለ ጭምር ነው። እኔ ሁለቱንም እይዛለሁ።

ፍቅርስ? ነበር። ቻርልስ ሞሪሰን የሚባል የሚስዮን መምህር። ተጫጩ። እሷ ግን ኦኮዮንግን አልለቅም አለች፣ ሚስዮኑ ደግሞ ጤናው ደካማ ነው ብሎ እሱን ወደዚያ አልልክም አለ። በዚያው ቀረ።

ትምህርት ላይ ያላት አቋም የሠራተኛ አቋም ነው። ወጣቶች ከመጽሐፍ ቅዱስ ጋር የእጅ ሙያ ይማሩ ብላ ወደ አገሯ ጻፈች። በ1895 ካላባር ላይ የተከፈተው ሆፕ ዋዴል ተቋም አናጺነት፣ ልብስ ስፌትና ሕትመት ያስተምር ነበር። ኋላ የናይጄሪያ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት የሆነው ናምዲ አዚክዌም ተምሮበታል። ሜሪ ራሷ ዩሴ በሚባል ቦታ ከቤት ለተባረሩ ሴቶች መኖሪያ አቋቋመች። እርሻ ያርሳሉ፣ ቅርጫት ይሠራሉ፣ የማንንም እጅ ሳያዩ ይኖራሉ።

በጃንዋሪ 1915 እዚያው ዩሴ ሞተች። 66 ዓመቷ ነበር። አስከሬኗ በወንዝ ወደ ካላባር ተወስዶ በመንግሥት ሥነ ሥርዓት ተቀበረ። ከ80 ዓመት በላይ ቆይቶ ክላይድስዴል የተባለው የስኮትላንድ ባንክ በ10 ፓውንድ ኖቱ ላይ አተማት። ከእሷ በፊት እዚያ ኖት ላይ የነበረው ዝነኛው የአፍሪካ ሚስዮናዊና አሳሽ ዴቪድ ሊቪንግስተን ነው። የእሱ ሞት ሲሰማ ነበር ሜሪ አፍሪካ እሄዳለሁ ብላ የቆረጠችው።

የካላባሩን ባቄላ ታሪክ ለብቻው በሌላ ቪዲዮ እንመጣበታለን።