ወደ ቤሩት ለሚሄዱ የቤት ሠራተኞች ወላጆች የተደረገ ንግግር

የተከበራችሁ እናቶችና አባቶች፣ ውድ እህቶቼ፣

ስለ ደመወዙ ብዙ እንደተነገራችሁ አውቃለሁ። እኔ በቤሩት የቤት ሠራተኛ ሆኜ የኖርኩ እንደመሆኔ፣ ልናገር የምፈልገው ደላላው ስለማያነሳው ነገር፣ ስለ ሥራው ሰዓት ነው።

ሥራው የሚጀምረው የቤቱ ልጆች ከእንቅልፋቸው ሳይነሱ ነው። እነሱ ቁርሳቸውን በልተው ከወጡ በኋላ በረንዳው ይታጠባል፣ ምንጣፉ ይራገፋል፣ መስታወቱ ይወለወላል፣ ምሳ ይሠራል፤ ውሉ ላይ የተጻፈው አንድ ቤት ሆኖ ሳለ ከሰዓት በኋላ ደግሞ የማዳም እናት ቤት ይጸዳል። ማታ እንግዳ ከመጣ የመጨረሻው ስኒ ታጥቦ እስኪቀመጥ ድረስ እንቅልፍ የለም። ብዙዎቻችን የራሳችን ክፍል ስላልነበረንና የምንተኛው ሳሎን ውስጥ ስለነበር፣ የምናርፈው ቤተሰቡ ቴሌቪዥኑን አጥፍቶ ሲገባ ብቻ ነበር። ድካሙን ሰውነት ይለምደዋል፤ «የዛሬ ሥራዬ አበቃ» ለማለት አለመቻል ግን አይለመድም።

ደግ አሠሪዎች አሉ፣ ይህን መካድ ግፍ ነው፤ ሆኖም የሠራተኛዋ ዕረፍት በአሠሪዋ ደግነት ላይ ብቻ መንጠልጠል የለበትም። እ.ኤ.አ. በ1946 የወጣው የሊባኖስ የሥራ ሕግ በአንቀጽ 7 የቤት ሠራተኞችን ከሽፋኑ ውጭ አድርጓቸዋል፤ ከፋላ በሚባለው፣ አሠሪው የሠራተኛዋ ስፖንሰር በሚሆንበት አሠራር ደግሞ የመኖሪያ ፈቃዷ ከአሠሪዋ ጋር የተሳሰረ ስለሆነ፣ ግፍ በዝቶባት ቤቱን ጥላ የወጣች ሴት ራሷ ሕገ ወጥ ተብላ ትያዛለች። እ.ኤ.አ. በ2020 የሊባኖስ ገንዘብ ሲወድቅ፣ አሠሪዎች እህቶቻችንን ከነሻንጣቸው በኢትዮጵያ ቆንስላ ደጃፍ ጥለዋቸው ሲሄዱ ዓለም አይቷል፤ ደመወዛቸው ያልተከፈላቸው፣ ፓስፖርታቸውም በእጃቸው ያልነበረ ብዙዎች ነበሩ።

እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣው የዓለም የሥራ ድርጅት ስምምነት ቁጥር 189፣ የቤት ሠራተኛ ፓስፖርቷን ራሷ እንድትይዝ፣ በሳምንትም ቢያንስ 24 ተከታታይ ሰዓት እንድታርፍ ይደነግጋል። ልጆቻችሁ ይህን ሳያውቁ አይሂዱ።

እናንተንም የምለምነው አለ። ስትደውል፣ የላከችው ገንዘብ መድረሱን ከመንገራችሁ በፊት፣ ስንት ሰዓት እንደተኛች፣ እሑድ ከቤት ወጥታ እንደሆነ፣ ፓስፖርቷ በማን እጅ እንዳለ ጠይቋት። ሳትሄድ በፊትም የውሏን ቅጂ፣ የኤጀንሲውን ስልክ፣ የአሠሪዋን ሙሉ ስምና አድራሻ ተቀብላችሁ አስቀምጡ፤ ድምፃቸው የጠፋብንን እህቶች ለመፈለግ ስንነሳ ከሁሉ በፊት የምናጣው እሱን ነውና።